በግራ እግሩ ያነክሳል

ሰውዬው ጫማውን ከፌስታል አውጥቶ ባንኮኒው ላይ ሲያስቀምጥ ወስፌ ቀና ብሎ እንኳ አላየውም። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ጫማ ሲሰፋ ኖሮ ስሙን መሣሪያው ወስዶበታል፤ የሰፈሩ ሰው ሁሉ ወስፌ ይለዋል።

"ግራው ከቀኙ ይበልጣል" አለ ሰውዬው። "የሰፋው ሰው ሰክሮ ነበር መሰለኝ። ስራመድ ሊጥለኝ ይደርሳል። እኩል አድርግልኝ።"

ወስፌ ጫማውን አነሣ። ከዓይኑ ቀድሞ አውራ ጣቱ አወቀው። በግራው ሶል ውስጥ ሦስት ንብርብር የመኪና ጎማ አለ፤ ከጎን እንዳይታይ በአንድ ወጥ ቆዳ ተሸፍኖ፣ ዳር ዳሩ በድርብ ክር ተሰፍቷል። በከተማው ውስጥ እንዲህ የሚሰፋ አንድ ሰው ብቻ ነው፤ እሱም ራሱ ነው። ጫማው የታናሽ ወንድሙ ነው። ታናሽ ወንድሙ ደግሞ ከቤት ከወጣ ሰባ አንድ ቀኑ ነው።

ልጁ በሰባት ዓመቱ ከግንብ ላይ ወድቆ ግራ እግሩ በአንድ ጣት አጥሮ ቀረ። ወስፌ ጎማ እየከረከመ፣ እያስለካ፣ እያፈረሰ፣ በሦስተኛው ጫማ ልኩን አገኘው። ከዚያ በኋላ ልጁ ቀጥ ብሎ ሄደ፤ አካሄዱን አይቶ ጉድለቱን የሚያውቅ አልነበረም። የወጣው ተጣልተው ነው። ወስፌ በደንበኞች ፊት በጥፊ ሲመታው ጥሎት ሄደ።

ከዚያ ፍለጋው መጣ። ሦስት ፖሊስ ጣቢያ፣ ሁለት ሆስፒታል፣ አንድ አስከሬን ክፍል። አስከሬን ክፍል ጨርቅ የሚገልጠው ሠራተኛ ከራስጌ ሲጀምር ወስፌ "ከእግሩ ግለጥልኝ" ይለው ነበር። የአፋልጉኝ ማስታወቂያውንም ራሱ ጻፈ፤ ከፎቶው በታች "በግራ እግሩ ያነክሳል" ብሎ በደማቁ አሰመረበት። እናታቸው አነበቡትና ልጄ አያነክስም፣ ይህን አጥፋው አሉት። የእናት ዓይን ነው ብሎ አለፋቸው፤ አራት መቶ አባዝቶ በየግንቡ ለጠፈ።

"ተቀመጥ" አለው ሰውዬውን። "ልክህን ልውሰድ።"

ሰውዬው ዱካው ላይ ተቀምጦ እግሩን ዘረጋ። ወስፌ የቆርቆሮውን በር ስቦ ዘጋና ቀረቀረ። ብርሃን አያስፈልግህም ወይ ብሎ ሲጠይቀው፣ እኔ በእጄ ነው የማየው አለው። ከዚያ መዶሻውን አንሥቶ የሰውዬው ጉልበት ላይ አሳረፈው።

አጥንቱ ከጩኸቱ ቀድሞ ተሰማ። ወስፌ የማስቲሽ መጥረጊያውን ጨርቅ አፉ ውስጥ ጠቀጠቀበት። ከጎን ያለው ሰዓት ጠጋኝ ግድግዳውን ደበደበ።

"ወስፌ፣ ምን እየገደልክ ነው?"

"ታኮ እየመታሁ ነው።"

"ቀስ ብለህ ምታው እንጂ፤ ሰዓቶቼን አስደነገጥካቸው።"

ወስፌ የሰውዬውን ግራ እጅ ጎትቶ ጫማ የሚሰፋበት የብረት እግር ላይ አደረገው። ጨርቁን ላላ አድርጎ ጫማውን ከማን እንደወሰደ ጠየቀው። ሰውዬው ገዛሁት አለ። መዶሻው በትንሿ ጣት ላይ ወረደ። ወድቆ አገኘሁት አለ። በሁለተኛዋ ላይ ወረደ። ከዚያ በኋላ ጨርቁ ጨርሶ ሲወጣለት ነገሩ ሁሉ አብሮ ወጣ።

ሰውዬው ከከተማው ውጭ ባለ የድንጋይ ካባ ዘበኛ ነው። ሥራ አለ እየተባሉ በጭነት መኪና የሚመጡ ሰዎች እዚያ ድንጋይ ይፈልጣሉ፤ የገባ አይወጣም። በገቡበት ቀን ጫማቸው ይሰበሰባል፤ በዚያ ስለታም ጠጠር ላይ ባዶ እግሩን የሚሮጥ የለምና። ልጁ ሁለት ሳምንት መናኸሪያ ዕቃ ሲሸከም ከርሞ ነው የመጣላቸው። ወስፌ ማስታወቂያውን ከኪሱ አውጥቶ ዘረጋለት፤ ይህን አላያችሁም ወይ አለው።

"ማስታወቂያህን አይተነዋል" አለ ዘበኛው ምራቁን ከደሙ ጋር እየዋጠ። "ካቦው ፈላጊ ያለበትን ሰው አይወድም፣ ጣጣ ያመጣል ይላል። የሚያነክሰውን ልንመልሰው፣ እንደወረዱ አንድ በአንድ አስኬድናቸው። ፎቶው ደብዛዛ ነው፤ የምናየው እግር እግራቸውን ነበር። የሚያነክስ አልነበረም።"

"ጫማውን ካወለቃችሁት በኋላስ?"

"አነከሰ። ግን እዚያ ያላነከሰ ማን አለ?"

ወስፌ ሦስተኛውን ጣት መታ። ዘበኛው የደበቀው ነገር አልነበረም፤ ይህንንም ወስፌ ያውቅ ነበር። ያን ምት የመታው ራሱ ለጻፋት አንዲት መስመር ነው፤ የወረደው ግን በሌላ ሰው ጣት ላይ ነው።

"ወደ እኔ ማን ላከህ?"

"እሱ ራሱ። ጫማው አልሄድልህ አለኝ ስል፣ ይህን እኩል የሚያደርግ አንድ ሰው ብቻ አለ አለኝና ሱቅህን ነገረኝ። ሰውዬው ክፉ ነው፣ እጁ ግን ወርቅ ነው አለኝ።"

ወስፌ መዶሻውን አስቀመጠ። ልጁ መልእክት ልኮለት ነበር፤ እሱ ደግሞ መልእክተኛውን ሰባበረው። ዘበኛው እስከ ቀትር ካልተመለሰ ካቦው ማን እንደላከው ይጠይቃል። ካቦው የጠረጠረውን ሰው ወደ ገደሉ እንደሚገፋ ሲናገር ዘበኛው ማልቀስ ጀመረ። አሁን ከረፋዱ አራት ሰዓት ነው፤ ዘበኛውም መቆም አይችልም።

ወስፌ በሩን ከፈተ። ሰዓት ጠጋኙ ገብቶ የተኛውን ሰውና ጫማውን አየ፤ ቀልዱ አፉ ላይ ደረቀ። ጣቢያ እንሂድ አለ። ወስፌ ሰባ አንድ ቀን ሄጄበታለሁ ሲለው ወጥቶ ሰባት ተሸካሚዎችና አንድ አሮጌ ጭነት መኪና ይዞ መጣ።

ካባው በር ላይ ሁለት ዘበኞች ነበሩ። ዕድሜውን ሙሉ ከወረንጦ የከበደ ነገር ያልያዘው ሰዓት ጠጋኝ የአንዱን ግንባር በብረት ሰንጥቆ፣ የገዛ እጁን እያየ ፈዞ ቆመ። ሁለተኛውን ተሸካሚዎቹ ረገጡት። ባዶ እግራቸውን የተሰለፉት ሰዎች መጀመሪያ ደነገጡ፤ ቀጥሎ አንዱ የድንጋይ መዶሻውን ይዞ ወደ ካቦው ዞረ፣ ሌሎቹም ተከተሉት። ካቦው ምሎ ተገዝቶ ለመነ። ሲበተኑ ፊት የሚባል ነገር አልቀረለትም ነበር።

ታናሹ ግን ከተቀመጠበት አልተነሣም። ከሲታ ሆኗል፤ ጺሙ በድንጋይ ዱቄት ነጥቷል።

"ጋሼ" አለ። "ሰውዬው አገኘህ?"

"አገኘኝ።"

"ጫማውን እኩል አደረግህለት?"

"አላደረግሁም።"

"ተመስገን። የሚሠራ ነገር አለበት።" የቀኝ ሱሪውን ወደ ላይ ሰበሰበ። ቅልጥሙ መሐል ላይ ተሰብሮ፣ ሳይቃና ጠምሞ ገጥሟል። ላመልጥ ስል በብረት መቱኝ አለ፤ የትናንት የአየር ሁኔታ የሚያወራ ነበር የሚመስለው። "እንግዲህ ከግራው ቀንሰህ ቀኙ ላይ ትጨምራለህ።"

ወስፌ ተንበረከከና የወንድሙን እግሮች ዘርግቶ ተረከዞቹን አጠጋጋ። እጁ ላይ የዘበኛው ደም ደርቋል። ልጁ ደሙን አይቶ ዓይኑን ወደ እግሩ መለሰ። ወስፌ ቀኙ ካጠረበት ክፍተት ውስጥ አንድ ጣቱን አስገብቶ ለካ። ሰፊ ሆነበት። ሁለተኛውንም ጨመረ፤ ገባ።