ድኗል የተባለው ሻንጣ

መልእክቱ ሲደርሰው ሞላልኝ በደማም ኢንዱስትሪ ከተማ ባለው የፕላስቲክ ቧንቧ ፋብሪካ ምሳውን እየበላ ነበር። እዚያ የጥራት ተቆጣጣሪ ሆኖ ሲሠራ ዘጠኝ ዓመቱ ነው። ደማምና ኾበር ያሉ የሚያውቁት ኢትዮጵያውያን የእንግሊዝኛ ወረቀት ሲገጥማቸው ፎቶ አንስተው የሚልኩት ለእሱ ነው። የመድኃኒት ማዘዣም ይሁን የሥራ ውል፣ አንብቦ በድምፅ ይመልስላቸዋል። በዚህ ሥራው፣ ለማንም ባይናገረውም፣ ትንሽ ይኮራ ነበር።

የዚያን ቀን ወረቀቱን የላከችው የአገሩ ልጅ እታለም ነበረች። ኾበር አንድ ቤት ስድስት ዓመት ሠርታ የመውጫ ቪዛው፣ ኹሩጁ፣ ተመትቶላታል፤ ጠቅልላ አገሯ ልትገባ አሥር ቀን ቀርቷታል። በአውሮፕላን የማይጫንላትን ሁለት ጥቅል በመርከብ ለሚልክ ድርጅት አስቀድማ ሰጥታ ነበር። ዕቃው ሳይጫን ግን ወደቡ አጠገብ ያለው መጋዘን ተቃጠለ። ያልተቃጠለውን ደግሞ እሳት አጥፊዎቹ የረጩት ውኃ አራሰው።

«ጋሼ ሞላልኝ፣ ስለ ዕቃዬ የጻፉልኝ ነው መሰለኝ፤ እስቲ ቶሎ እየው» ትላለች በድምፅ መልእክቷ።

ሞላልኝ በአንድ እጁ ዳቦ ይዞ በሌላው ፎቶውን አሰፋው። አለቃው ከማሽኑ በኩል በእጁ እየጠራው ነው። ወረቀቱ ባለ ሁለት አንቀጽ ሲሆን መሐሉ ላይ በጎላ ፊደል «ሳልቬጅ» የሚል ቃል አለ። ይህን ቃል ከትምህርት ቤት ጀምሮ ያውቀዋል። መርከብ ሲሰጥም ጭነቱን ማትረፍ፣ ቤት ሲቃጠል ዕቃውን ማውጣት፤ መምህራቸው እንዲያውም ጥቁር ሰሌዳው ላይ ጽፎላቸው ነበር።

«እንኳን ደስ ያለሽ!» አላት። «ዕቃሽ ድኗል ነው የሚለው። ሳልቬጅ ማለት ንብረትን ከእሳት ከውኃ ማዳን ነው። ከታች ፈርመሽ መልሺላቸው።»

እታለም በእልልታ መለሰችለት። እልል ያለችው ለብርድ ልብሱና ለድስቱ አልነበረም። ከጥቅሎቹ አንዱ የእህቷ የመሠረት ሻንጣ ነው። መሠረት ደማም ስትሠራ በኩላሊት ሕመም ከሞተች ሁለት ዓመት አልፏታል። አስከሬኗ ያኔ አገር ገባ፤ ሻንጣዋ ግን አሠሪዎቿ ቤት ቀርቶ ለእታለም የደረሳት ዘንድሮ ነው። የመሠረት ማዳም ልጅ ስታስረክባት፣ «ልብሷ አለበት። ሆስፒታል ተኝታ ትጽፍበት የነበረ ደብተርም አለበት» ብላታለች። እታለም አልከፈተችውም። እንደታሸገ ለእናቷ ልታስረክብ፣ እናቷ ከፍታው ደብተሩን እሷ ልታነብላት ነበር ሐሳቧ።

በማግስቱ ፈርማ መለሰች። ሐሙስ ዕለት ደወለች።

«ዕቃዬን መቼ ልውሰድ ብላቸው ‹ማፊ፣ ኸላስ›፣ የለም አለቀ፣ ፈርመሻል አሉኝ። ምን ማለታቸው ነው?»

ሞላልኝ ሽንት ቤት ገብቶ በሩን ዘጋና ወረቀቱን እንደገና አነበበ። አሁን ከመጀመሪያው ቃል እስከ መጨረሻው፣ ቀስ ብሎ ነበር ያነበበው። ወረቀቱ «ዕቃሽ ድኗል» አይልም። ዕቃሽ በሳልቬጅ ተመድቧል፣ ማለትም ተበላሽቶ ከአደጋው የተረፈ ቅሪት ሆኗል፤ ቅሪቱ ለኢንሹራንሱ ይሆናል፣ ኢንሹራንሱም ለገዢ ያስተላልፈዋል፤ ባለንብረቷ በዚህ ከተስማማች ትፈርም ነው የሚለው። አዎ፣ ማዳን ነው። የሚያድኑት ግን ለራሳቸው ነው። ወደ ሥራ በሚመላለስበት መንገድ ዳር «ሳልቬጅ» የተባሉ ግንባራቸው የተጨፈለቀ መኪኖች ተደርድረው ለሽያጭ ሲቆሙ በየቀኑ ያያቸዋል። እንዴት ትዝ አላለውም? በቡጢ ግድግዳውን መታውና እጁን አመመው።

ከዚያ ስልክ መደወል ያዘ። የካርጎው ድርጅት ኢንሹራንሱን ጠይቅ አለው። ኢንሹራንሱ ጉዳቱን የገመተውን ሰው ጠይቅ አለው። ገማቹ በሦስተኛው ጥሪ አነሣና፣ «ወንድሜ፣ ወረቀቱ ግልጽ ነው፤ እንግሊዝኛ አታነብም?» አለው። ሞላልኝ የገዢውን አድራሻ ብቻ ተቀብሎ ዘጋ።

ቅዳሜ ጠዋት እታለምን ከማዳሟ አስፈቅዶ በመኪናው ወሰዳት። የገዢው ግቢ ከደማም ወጣ ብሎ፣ በቆርቆሮ የታጠረ ሜዳ ነው። ጠባቂው ጀሊል የወሎ ሰው ሆኖ ሲገኝ እታለም ፊቷ ፈካ አለ፤ በአማርኛ ሲያናግራት ነገሩ ያለቀ መሰላት።

«ሻንጣ? ቡናማ፣ በገመድ የታሰረ?» አለ ጀሊል። «አለ፣ አልሐምዱሊላህ፣ ምንም አልሆነ። ኑ።»

ሻንጣው ከሌሎች አሥራ አምስት ከሚሆኑ ሻንጣዎች ጋር ተደርድሯል። ታጥቦ፣ ተወልውሎ፣ አፉን ከፍቶ ፀሐይ ላይ ቆሟል። እታለም ተንበርክካ ውስጡን በእጇ ዳሰሰች፤ የጎን ኪሱን ሳይቀር ገለበጠችው።

«የውስጡስ?»

ጀሊል ሞላልኝን አየው። «እኛ ሳልቬጅ የሚሆነውን ነው የምንለየው። ሻንጣ ይሸጣል፣ ድስት ይሸጣል፣ የስፌት ማሽን ይሸጣል። የራሰ ልብስና ወረቀት ማን ይገዛል? ረቡዕ የቆሻሻ መኪና ወሰደው።»

«ወዴት?»

«እህቴ፣ የት እንደሚደፉት እኔ አላውቅም። ወላሂ ባውቅ አብሬሽ እሄድ ነበር።»

ሞላልኝ በልቡ ቆጠረ። የፈረመችው ማክሰኞ ነው። ባትፈርም ኖሮ ረቡዕ ዕለት ሻንጣው አይነካም ነበር።

ጀሊል ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ሻንጣውን ውሰጂው። አለቃዬ ቢጠይቅ የምለውን እኔ አውቃለሁ።»

«ባዶውን ምን ላድርገው?» ብላ እታለም ተነሣች። ቀሚሷን እንኳ ሳታራግፍ ወደ መኪናው ሄደች።

መኪናው ውስጥ ገብተው ሞላልኝ ሞተሩን አላስነሣም። አየሩ ይፋጃል። ይቅርታ ለማለት አፉን ሲከፍት ቀደመችው።

«አላውቀውም ብትለኝ ምን ነበረበት? ሌላ ሰው እጠይቅ ነበር። ማዳምን አስነብብ ነበር። አንተ እኮ ‹እንኳን ደስ ያለሽ› አልከኝ!»

«ቃሉን አውቀዋለሁ እኮ እታለም…»

«ታውቀዋለህ! አሁንም ታውቀዋለህ!» አለችና ስልኳን አውጥታ ደወለች። ድምፁን ከፍ አድርጋ ከመሪው ፊት አስቀመጠችለት። «ለእናቴ አንተ ንገራት። እኔ አልችልም።»

እናቷ ወዲያው አነሡ። ሞላልኝ ማንነቱን ተናገረ፤ ስለ እሳቱ፣ ስለ ውኃው፣ ስለ ወረቀቱ ነገራቸው። ላቡ አንገቱ ላይ ይወርዳል። ስለ ቃሉ ሊያስረዳ ጀመረና በየዓረፍተ ነገሩ ተደነቃቀፈ፤ አንዴ የዳነ ይላል፣ አንዴ የተረፈ፣ አንዴ የተበላሸ። በመጨረሻ እንግሊዝኛውን ተወው። «እናቴ፣ ጥፋቱ የእኔ ነው። ሳላነብ አነበብኩ አልኳት። ደብተሩ ጠፋ» አለ።

በስልኩ ውስጥ ዶሮ ሲጮህ ይሰማል።

«ማን አንብቦት ነበር?» አሉ እናቷ።

«ማንም።»

«አንተ ሆስፒታል ሄደህ ጠይቀሃታል አሉ። እውነት ነው?»

እውነት ነው፤ ሦስት ጊዜ ሄዷል። ሦስቱንም ጊዜ ከሥራ ሰዓቱ ሰርቆ ስለነበር ቶሎ ቶሎ እያለ ነው የወጣው።

«እንግዲያው ያየኸውን ንገረኝ» አሉ እናቷ። «እነሱ ሬሳዋን ነው የላኩልኝ። ምን ትል እንደነበር የነገረኝ ሰው የለም።»

እታለም ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች፤ ከመኪናው ግን አልወረደችም። ስልኳ ላይ የማዳሟ ጥሪ ሲገባ ጣቷን ዘርግታ ዘጋችውና እጇን ጭኗ ላይ መለሰች።

ሞላልኝ ብዙ አላስታወሰም፤ ይህም አናደደው። «ምግቡ ጨው የለውም ብላ ትነጫነጭ ነበር» አለ። «ነርሶቹን በየስማቸው ነበር የምትጠራቸው። አንዷን ፊሊፒናዊት ‹እንዴት ነሽ› ማለትን አስተምራት፣ እኔ ስገባ ‹እንዴት ነሽ› አለችኝና መሠረት ሆዷን ይዛ ሳቀች…»

«እሺ» አሉ እናቷ። «ቀጥል።»