የአርጂያ ቁንጥር

ዳቦ ላይ ነጭ ሽንኩርት ማሸት ምን ሙያ ይጠይቃል የሚል ሰው አርጂያን አላየም ማለት ነው። ፊሎሜናም ከጣሊያን ደቡብ፣ ከፑሊያ፣ ተድራ ወደ ቶስካና ኮረብታ ስትመጣ እንደዚያው ታስብ ነበር። በመጀመሪያው ኅዳር አማቷን እሳት ዳር ቆመው ሲሠሩ አየችና አፏን ዘጋች።

አርጂያ ሰዓት አያዩም። ጣት የሚያህል ውፍረት ያለውን ቁራጭ ፍሙ ላይ በተጣደው የብረት ፍርግርግ ላይ ያሳርፉና ወደ ሌላ ሥራቸው ይሄዳሉ፤ ድስት ያማስላሉ፣ ባላቸውን ይሰድባሉ። ከዚያ ዞር ብለው በጣታቸው አንጓ ዳቦውን ኳ ኳ ያደርጉታል። ድምፁ ደስ ካላቸው ያነሱታል፣ ካላላቸው ይመልሱታል። የተላጠውን የነጭ ሽንኩርት ፍልቃቂ ዳቦው ገና ጣት እያቃጠለ ሳለ ያሹበታል፤ መጀመሪያ ጠርዙን፣ ቀጥሎ መሃሉን፣ ሦስት ጊዜ ብቻ። "አራተኛው ባልን ከአልጋ ያስወርዳል" ይላሉ። ከዚያ ጨው፤ በመጨረሻ በዚያው ሳምንት የተጨመቀው የወይራ ዘይት፣ አረንጓዴው፣ ጉሮሮ የሚቧጥጠው፣ ዳቦው ጠጥቶ እስኪጠግብ። ፊሎሜና ቤት ብቻዋን ስትሆን ስንት ጊዜ ሞክራዋለች! ያው ዳቦ፣ ያው ሽንኩርት፣ ያው እሳት፤ የሚወጣው ግን የሌላ ሰው ምግብ ነው። ሴትዮዋን ትፈራቸዋለች፤ ከመፍራቷ ይልቅ ግን ታደንቃቸዋለች።

ዳቦው ራሱ ጨው የለውም። በዚያ አገር ሊጥ ውስጥ ጨው የሚጨምር ሰው የለም፤ ጨው ከላይ ነው፣ ወይም አብሮት በሚበላው በደረቀው የአሳማ ሥጋ ውስጥ ነው። እንዲህ ያለውን ዳቦ አልጫ ይሉታል፤ ቂል ሰውንም የሚጠሩት በዚያው ቃል ነው። ፊሎሜና ይህን ያወቀችው በመጣች በሳምንቷ ነው። ጎረቤት በተሰበሰበበት ገበታ አንድ ጊዜ ጎረሰችና፣ አማቷን የረዳች መስሏት፣ "እማማ፣ ጨው ረስተዋል እኮ" አለች።

"ዳቦው አልጫ መሆኑንስ እናውቃለን" አለች ጎረቤታቸው ዛይራ። "ሌላ አልጫ መግባቷን ነው ያላወቅነው።"

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። አርጂያ አልሳቁም፤ አላዘኑላትምም፤ ዳቦ መቁረጣቸውን ቀጠሉ። ዛይራ ክፉ ሴት አይደለችም። ምላሷ ግን ሰንበት አያውቅም፤ ከዚያ ቀን ወዲህ ፊሎሜናን በስሟ ጠርታት አታውቅም።

በሦስተኛው ዓመት፣ የወይራ ለቀማው ሊያልቅ ሁለት ቀን ሲቀረው፣ አርጂያ ከመሰላል ወድቀው ቀኝ እጃቸው ተሰበረ። ያም የሆነው ከዘይት ቀን በፊት ነው። በዘይት ቀን ለቀማ የረዳ ጎረቤት ሁሉ ቤታቸው ተሰብስቦ አዲሱን ዘይት በተጠበሰ ዳቦ ይቀምሳል፤ ያንድ ቤት ስም ዓመቱን ሙሉ የሚነሳው በዚያች ገበታ ነው። ዛይራ ወዲያው ደረሰች።

"እትዬ አርጂያ፣ አይጨነቁ፣ ዳቦውን እኔ እጋግርልዎታለሁ። እዚህ ቤት ሌላ ማን አለና!"

"ምራት አለችኝ" አሉ አርጂያ።

ፊሎሜና ከጓዳው በር ኋላ ሆና ሰማች። አርጂያ ያችን የእንጨት ቡሃቃ ለማንም ሰጥተው አያውቁም፤ የገዛ እህታቸው እንኳ ሳትነካት ነው የሞተችው። በዚያ ቤት ቡሃቃ ያልያዘች ሴት አሥር ዓመት ብትኖርም እንግዳ ናት። አሁን ዳቦው ከተበላሸ ፊሎሜና እንግዳ ሆና ትቀራለች፤ ይባስ ብሎ የአርጂያ ቃል ዛይራ ፊት ይወድቃል። ሆዷን የበላት ይህ ሁለተኛው ነበር።

የዘይት ቀን በሆነው ቅዳሜ ሲነጋጋ ብቻዋን ቡሃቃው ፊት ቆመች። ዱቄቱን ነፋች፣ እርሾውን በለብ ያለ ውሃ በጠበጠች፣ ማቡካት ጀመረች። ሊጡ ከእጇ ሥር ነፍስ ዘራ። ደስ አላት፤ ደስ ሲላት የእናቷ ቤት ያለች መሰላትና አንጎራጎረች። የለመደ ልማድ ያሰርቃል ከማድ ይባል የለ? ልቧ ፑሊያ እንደ ሄደ እጇ ወደ መደርደሪያው ተዘረጋ፤ ከቆርቆሮው ጨው ዘግኖ፣ ባለቤቱን ሳያስፈቅድ፣ ሊጡ ላይ በተነ። ፊሎሜና ልብ አላለችም፤ ማንጎራጎሯን ቀጠለች።

ረፋዱ ላይ ስምንት ዳቦ ከምድጃው ወጣ። ቅርፊቱ ወርቅ የመሰለ፣ ታቹ ሲመቱት ከበሮ። ከጠርዙ ቆርሳ ምላሷ ላይ ጣለች። ጣፈጣት። አሁንም ቆርሳ አኘከች፤ ከዚያ ዞር ብላ የጨዉን ቆርቆሮ አየች። በዚህ ቤት ዳቦ በባዶው ጣፍጧት አያውቅም።

ጨው ለራስህ ስትል ጣፍጥ፣ አለዚያ ድንጋይ ነህ ብለው ይጥሉሃል ይባላል። ፊሎሜናን ግን ሊያስጥላት የመጣው የዳቦው መጣፈጥ ነበር። እንግዶቹ ቀትር ላይ ይደርሳሉ፤ ሌላ ሊጥ እስከዚያ ተነስቶ አይበስልም። አማቷና ባላቸው ኔዶ ዘይቱን ሊያመጡ መጭመቂያው ቤት ሄደዋል። ብትናገር መዋረድ ነው፣ ዝም ብትል መዋረድ ነው። ዝምታው እስከ ቀትር ያቆያታልና ዝም አለች።

ቀትር ላይ አሥራ አንድ ሰው ገባ። ኔዶ የዘይቱን ገንቦ እንደ በኩር ልጅ አቅፈው መጡ። አርጂያ የተሰበረ እጃቸውን በሻሽ አንጠልጥለው እሳቱ ዳር ቆሙ፤ በግራ እጃቸው ዳቦውን ገለበጡ፣ ኳ ኳ አደረጉ፣ አዳመጡ። በግራም ያው አርጂያ ናቸው። የመጀመሪያውን ቁራጭ የቤቱ እመቤት ጨውም ዘይትም ሳይነካው ትቀምሳለች፤ ደንቡ ነው። ቀመሱ።

መንጋጋቸው አንዴ ሄደ፣ ሁለቴ ሄደ፣ ቆመ። ፊሎሜናን አላዩዋትም። እሳቱን አዩ። ዋጡ።

"እንዴት ነው?" አለች ዛይራ አንገቷን አስግጋ። "የምራትዎ እጅ እንዴት ነው?"

"ጨዉን አምጪ" አሉ አርጂያ ለፊሎሜና። "ዛሬ የምነሰንሰው ራሴ ነኝ።"

በዘይት ቀን የጨው ሳህኑ ገበታውን ይዞራል፣ ሁሉም ለራሱ ይነሰንሳል። ስለዚህ ከለቃሚዎቹ አንዱ፣ "ምነው እትዬ አርጂያ፣ ጨው ተወደደ እንዴ?" አለ።

"ያንተ እጅ አካፋ ነው። አዲስ ዘይት በጨው እንድትገድልብኝ ነው? ቁጭ በል!"

ሳህኑን በተጠቀለለው ክንዳቸው ደረታቸው ላይ ደግፈው ገበታውን ዞሩ። ግራ እጃቸው ሳህኑ ውስጥ ይገባል፣ ይቆነጥራል፣ ከፍ ይላል፤ ጣቶቹ ከቁራጩ በላይ ይታሻሉ። ፊሎሜና ዘይት እያፈሰሰች ከኋላ ትከተላለች። ሦስተኛው ሰው ጋ ሲደርሱ ልብ አለች፤ የሚወርድ ነገር የለም። አራተኛው ላይ አፍጥጣ አየች። አርጂያ የቆነጠሩትን እዚያው ሳህኑ ውስጥ ይለቁትና ጣታቸውን ባዶውን ያነሱታል፤ ባዶውን ያሹታል። ሲያሹት ደግሞ እንዴት ያለ መታሸት! ጨው ሲወርድ አየሁ ብሎ የማይምል ሰው እዚያ ገበታ ላይ አልነበረም። ቅንድባቸው አልተነቃነቀም። ፊሎሜና ገንቦው ከእጇ ሊወድቅ ነበር።

ዛይራ ጎረሰች። ዓይኗን ጨፈነች። ሁለተኛ ጎረሰች፤ ዛይራ አፏን ለመብል ብቻ ስትከፍት ደግሞ ቤቱ ሁሉ ያዳምጣል።

"ዘንድሮ ይሄ ዘይት ምን ሆኗል?" አለች በመጨረሻ።

"ዘይቱ አይደለም፣ እኔ ነኝ!" አሉ ኔዶ ደረታቸውን ነፍተው። "ዛፎቹን የገረዛቸው ማነው? በትክክለኛው ቀን ልቀሙ ያለው ማነው?"

"ዳቦውስ?" አሉ አርጂያ፤ ማንም ሳይጠይቃቸው፣ ዛይራን ትክ ብለው እያዩ።

ዛይራ አፏን በእጇ ጀርባ ጠረገች። "እንግዲህ እውነት እውነት ነው። ልጅቷ አልጫ አይደለችም።"

ሰው ሳቀ። ቃሉ ምን ያህል እውነት እንደ ሆነ የገባቸው ሁለት ሴቶች ግን አልተያዩም።

በማግስቱ እሑድ ምሳ ላይ ሦስቱ ብቻ ነበሩ፤ የፊሎሜና ባል በሚሠራበት ሸክላ ፋብሪካ ተረኛ ነበር። አርጂያ በጥር በጨው ያሹትን የደረቀ ሥጋ በስሱ ቆረጡ፣ ከትናንቱ ዳቦ ጋር አቀረቡ። ኔዶ በሉ፤ ውሃ ጠጡ፤ በሉ፤ እንደ ገና ጠጡ።

"ኧረ ይሄ ሥጋ ጨው በዝቶበታል!"

"አዎ" አሉ አርጂያ። "እኔ ነኝ ያበዛሁበት።"

ኔዶ ሹካቸውን አስቀመጡ። አርባ ዓመት ከዚህች ሴት ጋር ኖረዋል። ድስቱ ሲያር ጥፋቱ የእሳቱ ነው፤ ወተት ሲገነፍል ጥፋቱ የላሟ ነው፤ ከመሰላል ስትወድቅም ጥፋቱ የመሰላሉ ነበር። "እኔ ነኝ" የሚል ቃል ከአፏ ሲወጣ ጆሯቸው ሰምቶ አያውቅም።

"አንቺ፣ የወደቅሽው በእጅሽ ነው በራስሽ?"

አርጂያ አንገታቸውን ደፍተው ሥጋቸውን መቁረጥ ቀጠሉ። ፊሎሜና የትናንቱን ችላ ነበር፤ እሱ ለሰው ፊት ነው። ያ የማይታጠፍ አንገት በባላቸው ፊት በእሷ ጥፋት ሲደፋ ማየት ግን አቃታት።

"እሳቸው አይደሉም!" አለች፤ እንባዋ ቀደማት። "ሊጡ ውስጥ ጨው የጨመርኩት እኔ ነኝ። እማማ ገና ሲቀምሱት አውቀዋል። ትናንት አንድም ፍሬ ጨው አልነሰነሱም፣ እጃቸው ባዶ ነበር።"

ኔዶ ዳቦውን አዩ፣ ሚስታቸውን አዩ፣ እንደ ገና ዳቦውን አዩ።

"እና... ዘይቴስ?" አሉ በቀጭን ድምፅ።

"ዘይትህ ዘይት ነው። ብላ!" አሉና አርጂያ ወደ ምራታቸው ዞሩ፤ ፊታቸው ቀልቷል። "አንቺ ደግሞ! ሰው ሲዋሽልሽ ዝም ብሎ መብላትን እናትሽ አላስተማረችሽም?"

"ቡሃቃውን ለእትዬ ዛይራ ይስጡ፣ እማማ። እኔ አልችልም።"

"ለማን? ዛይራ ሊጥ ትመታለች እንጂ ሊጥ አታውቅም።" አርጂያ ከዳቦው አንድ ቁራጭ አንስተው ለብርሃኑ ገልጠው አዩት፤ ቀዳዳዎቹን፣ ቅርፊቱን፣ ሁሉንም። "ተነስቷል። በስሏል። ድምፁ ትናንት ፍርግርጉ ላይ እያለ ነው የነገረኝ። እኔ እዚህ ቤት በገባሁ በሦስተኛ ዓመቴ እንዲህ ያለ ዳቦ አልጋገርኩም።"

ኔዶ መዋጥ ረሱ። ፊሎሜና እንባዋን መጥረግ ረሳች።

"በሚመጣው ቅዳሜ የምታቦኪው አንቺ ነሽ" አሉ አርጂያ፤ ድምፃቸው ወደ ወትሮው ቁጣ ተመልሷል። "ከዚያ ወዲያ ባለውም ቅዳሜ። እኔ ግን የጨዉን ቆርቆሮ በጉያዬ ይዤ ቤተ ክርስቲያን እሄዳለሁ።"

ይዘውም ሄዱ።