የስድሳ ወር ደረሰኝ

ያን ማክሰኞ ጠዋት የኔአለም የበዓል ቀሚሷን ለብሳ፣ ነጠላዋን አጣፍታ ስትወጣ ያያት ጎረቤት ሁሉ ሠርግ የተጠራች መስሎት ነበር። ባሏ አለኸኝም ኮቱን ደርቦ ከኋላዋ ይከተላል። የሚሄዱት ግን ባንክ ነው፤ የቤታቸውን ዕዳ ሊጨርሱ።

አለኸኝ በመካነ ሰላም ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አስራ ስምንት ዓመት ሂሳብ ያስተማረ ሰው ነው። ከከተማው ቢሮዎች የትኛውም ቢገባ ያስተማረውን ሰው አያጣም። የዕቁብ ሂሳብ ሲምታታ፣ ወንድማማች የአባታቸውን ቦታ ሲካፈሉ፣ “መምህርን ጥሩት” ይባላል። እሱም ይህን ይወደዋል። ደብተርና እስክሪብቶ ሳይጠይቅ በቃሉ አስልቶ መልሱን ሲናገር፣ ሰዎች እርስ በርሳቸው የሚተያዩት መተያየት ደስ ይለዋል።

ባለ አራት ክፍሉን ቤት የገዙት ከአምስት ዓመት በፊት ነበር፣ በአራት መቶ ሺህ ብር። መቶ ሺሁን ከእጃቸው ከፈሉ፤ ሦስት መቶ ሺሁን ከባንክ ተበደሩ። ብድሩ የሃያ ዓመት ነው፤ ክፍያው በየወሩ አራት ሺህ አራት መቶ ብር። የኔአለም ከባሏ አፍ የሰማችው ግን ሁለቱን ብቻ ነበር፤ የተበደሩትንና በወር የሚከፍሉትን።

እሷ ልብስ ሰፊ ናት። ገበያው ዳር መድና ከምትባል የጨርቅ ነጋዴ ሱቅ በረንዳ ላይ መኪናዋን ተክላ ትሰፋለች። ባሏ ከባንክ ይዞት የሚመጣውን ደረሰኝ ሁሉ አስር አስር እያደረገች በመርፌ ትጠቅመዋለች። ባለፈው እሁድ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ስድስቱን ጥቅል አልጋው ላይ ደረደረቻቸው። አጠገባቸው አንድ ፖስታ አስቀመጠች።

“ስድሳ ወር ከፍለናል” አለች። “ሁለት መቶ ስልሳ አራት ሺህ ይሆናል። ከሦስት መቶው የቀረን ሠላሳ ስድስት ሺህ ነው። ይኸው።”

ፖስታው ውስጥ ሠላሳ ስድስት ሺህ ብር ነበር። ባሏ ሳያውቅ፣ ከዩኒፎርም ስፌት፣ ከመጋረጃ፣ ከሰው ሱሪ ማሳጠር ያጠራቀመችው።

አለኸኝ ፖስታውን አንስቶ መልሶ አስቀመጠው። ወለድ መኖሩን ያውቃል፤ እንዴት አያውቅ! ነገር ግን ስንት ከዋናው ስንት ከወለዱ እንደወረደ አንድም ቀን ቁጭ ብሎ አስልቶት አያውቅም። ምናልባት ግማሹ ቀርቶ ይሆናል ብሎ ገመተ። “ትንሽ ወለድ ሳይኖረው አይቀርም፤ ሄደን እንጠይቅ” አላት። የፊቷን ደስታ አይቶ ከዚያ በላይ መናገር አቃተው።

ባንክ ውስጥ የብድር ክፍሉ ሠራተኛ ሚሊዮን ይባላል፤ የአለኸኝ ተማሪ የነበረ። መምህሩን ሲያይ ብድግ ብሎ ተቀበላቸው፤ ወንበር ሳበላቸው። የኔአለም ስድስቱን ጥቅል ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

“ልንጨርስ ነው የመጣነው” አለች።

ሚሊዮን ኮምፒውተሩን ነካካና በቀስታ “ቀሪው ሁለት መቶ ሰማንያ አምስት ሺህ ዘጠኝ መቶ ሃያ ስድስት ብር ነው” አላት።

የኔአለም ሳቀች። “የሌላ ሰው ነው ያወጣኸው ወንድሜ። አለኸኝ በል፤ መምህር አለኸኝ።”

“የእሳቸው ነው” አለ ሚሊዮን። ከዚያ ወረቀት ስቦ፣ መምህሩን ላለማየት እየተጠነቀቀ፣ ለእሷ ያስረዳ ጀመር። ወለዱ በዓመት አስራ ሰባት በመቶ ነው። በመጀመሪያው ወር ከከፈሉት አራት ሺህ አራት መቶ ብር ውስጥ አራት ሺህ ሁለት መቶ ሃምሳው ወለድ ነበር። ከዋናው ዕዳ የወረደው መቶ ሃምሳ ብር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወርም ከዚያ ብዙም አይበልጥም። በስድሳው ወር ሁሉ ተደምሮ ከዋናው የወረደው አስራ አራት ሺህ ሰባ አራት ብር ነው።

የኔአለም ጣቷን ጥቅሎቹ ላይ እንዳሳረፈች ወደ ባሏ ዞረች።

“ታውቅ ነበር?”

ሚሊዮንም ቀና አለ። ከጀርባቸው ተራ የሚጠብቁ ሁለት ሰዎች ነበሩ፤ አንደኛው የትምህርት ቤቱ ገንዘብ ያዥ ነው። አለኸኝ ኮቱን አውልቆ ወንበሩ ላይ ጣለ።

“አዎ” አለ። “አውቅ ነበር። የቤት ብድር እንዲህ ነው የሚሄደው።”

የኔአለም ጥቅሎቹን አንድ በአንድ አንስታ በነጠላዋ ቋጠረች፣ ፖስታውን ብብቷ ውስጥ ከተተች፣ ለሚሊዮን “እግዜር ይስጥልኝ” ብላ ወጣች። አለኸኝ ሲከተላት ባንኩ በር ላይ ደርሶ እንኳ ኮቱን የት እንደጣለው አላወቀም፤ ሚሊዮን ነው ሮጦ ያቀበለው።

እውነቱ ምን ነበር? ብድሩን የፈረመ ዕለት ይኸው ሚሊዮን ስድስት ገጽ ሰንጠረዥ ዘርግቶለት፣ “መምህር፣ የአከፋፈሉን ነገር ላሳይዎት?” ብሎት ነበር። አለኸኝ ደግሞ ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ “ለእኔ ነው ወለድ የምታስረዳኝ? ያስተማርኩህ እኔ አይደለሁም እንዴ?” አለው። በክፍሉ ያሉት ሁሉ ሳቁ። እየተሳቀ ስድስቱንም ገጽ ፈረመ። አንድ መስመር አላነበበም። ወረቀቱን ቤት ወስዶ የድሮ የፈተና ወረቀቶች መሃል ከተተው፤ ከዚያ ወዲህ አልነካውም።

የማያውቅ መባልን ከመፍራቱ የተነሳ አታላይ መባልን መርጦ ወጣ።

የኔአለም አልጮኸችበትም። ብትጮህ ይሻለው ነበር። “ምሳ ቀርቧል” ትላለች፤ “ውሃ ዛሬ አልመጣም” ትላለች፤ ሌላ ቃል የላትም። ሐሙስ ዕለት ሸሚዙን እየተኮሰች፣ ቀና ሳትል፣ “ብሩን ለእቴቴ እልከዋለሁ” አለችው። “እሷ እንኳ ሐቋን ታግኝ።”

እቴቴ የአለኸኝ ታላቅ እህት ናት፤ አቀስታ አጠገብ ገጠር ትኖራለች። እናታቸው ሲሞቱ እሱ ገና ጡት የጣለ ነበር፤ ያሳደገችው እሷ ናት። ለቤቱ ቅድሚያ ክፍያ ሲጨነቅ ከሁለት በሬዋ አንዱን በሃያ ስምንት ሺህ ብር ሸጣ ብሩን በእጁ ሰጥታዋለች። ከዚያ ወዲህ ባሏ በቀረው አንድ በሬ ከጎረቤት ጋር እየተቀናጀ ነው የሚያርሰው። አለኸኝ “በሚቀጥለው ዓመት እመልሳለሁ” ብሎ ነበር። ዓመት በዓመት ላይ ሲደራረብ መሄድ አፈረ፤ ሁለት ፋሲካ ሳይጠይቃት አለፈ።

ዓርብ ከሰዓት፣ ተማሪዎች ወጥተው ሲያልቁ፣ ስድስቱን ገጽ ይዞ ባዶ ክፍል ውስጥ ተቀመጠ። ማንበብ ጀመረ። አራት ሺህ አራት መቶን በሁለት መቶ አርባ ወር አባዛ። አንድ ሚሊዮን ሃምሳ ስድስት ሺህ ብር መጣ። ለሦስት መቶ ሺህ ብር። ቁጥሩ ከባድ አልነበረም፤ ዘጠነኛ ክፍል የሚማር ልጅ በሁለት ደቂቃ ይሠራዋል። ያሳፈረውም ይኸው ነው።

ቤቱን የሸጡላቸው ሼህ አሕመድኑርም ትዝ አሉት። ሽማግሌው ወለድ ያለበት ነገር አይነኩም። “መምህር፣ ለእኔ አምስት መቶ ሺህ ስጠኝ” ብለውት ነበር፤ “መቶውን አሁን፣ የቀረውን በየወሩ ለባንክ የምትከፍለውን ያህል እየከፈልክ ጨርሰው፤ ሌላ ጭማሪ የለውም።” እሱ ግን ሻይ ቤት ውስጥ ሰው እየሰማ፣ “ሼህ፣ በአራት መቶ የማገኘውን በአምስት መቶ ልግዛ? ሂሳብ ለማያውቅ ይንገሩት” ብሎ አሳቀባቸው። እሳቸው ግን ፈገግ ብለው “አላህ ያቅናልህ” አሉት። አሁን አሰላው፤ የሳቸው በሰባት ዓመት ተኩል ገደማ ያልቅ ነበር። አለኸኝ ግንባሩን ጠረጴዛው ላይ ደፍቶ ቆየ። ሼሁን ሄዶ ይቅርታ እንዳይጠይቅ እንኳ፣ ደሴ ልጃቸው ዘንድ ገብተው ባለፈው ክረምት አርፈዋል።

በማግስቱ የገበያ ቀን ነበር። የኔአለም በረንዳው ላይ መኪናዋን እየረገጠች ነው፤ መድና ሱቅ ውስጥ ጨርቅ ትለካለች። አለኸኝ መጥቶ ፊት ለፊቷ ቆመ።

“አላውቅም ነበር” አላት።

መኪናው ቆመ። “ምኑን?”

“ባንክ ውስጥ አውቅ ነበር ያልኩሽ ውሸቴን ነው። ሳላነብ ነው የፈረምኩት። ሚሊዮን ላስረዳ ሲለኝ ንቄው ነው።”

መድና መቀሷን አስቀምጣ ወደ ጓዳ ገባች። የኔአለም ቀና ብላ ባሏን አየችው።

“አምስት ቀን ሙሉ” አለች፣ “ከሌባ ጋር የኖርኩ መስሎኝ ነው የሰነበትኩት። ደረሰኝ ስጠቅም እያየ የሚስቅብኝ ሰው አድርጌ።”

“ደደብ ከምትዪኝ ያ ይሻላል ብዬ ነው።”

“ለማን ነው የሚሻለው?”

የኔአለም እንባዋን በእጇ ጀርባ ጠረገችና ከመኪናዋ ላይ ጨርቁን አነሳች። “በል ወረቀቱን አምጣው። ለእኔም አስረዳኝ። ከመጀመሪያው ማስረዳት የነበረብህ ለእኔ ነው።”

ስድስቱን ገጽ የስፌት መኪናው ላይ ዘረጋላት። ወለድ የሚለውን ዓምድ፣ ዋና ዕዳ የሚለውን ዓምድ አሳያት። ቶሎ ገባት። ጣቷን ከላይ ወደ ታች እየነዳች ስታይ ቆይታ፣ “ታዲያ ይሄ ሠላሳ ስድስት ሺህ ብር ከየትኛው ላይ ነው የሚወርደው?” አለችው።

“ከዋናው ላይ። ማመልከቻ ካስገባን ሁሉም ከዋናው ይወርዳል።”

“ከወረደስ?”

እስክሪብቶውን አወጣ። በቃሉ አልሠራውም፤ ሁለት ጊዜ ጽፎ አረጋገጠ። ከቀረው አስራ አምስት ዓመት ውስጥ አምስት ዓመት ከአራት ወር ይቆረጣል። የኔአለም ድጋሚ አሠራችው። ከዚያ ወረቀቶቹን ሰብስባ መለሰችለት።

“የእቴቴ ነው ብዬ ተናግሬያለሁ” አለች። “እሷ ካልፈቀደች አይሆንም። የምትጠይቃትም አንተ ነህ።”

እሁድ በሚኒባስ አቀስታ ወረዱ፤ ከዚያ በእግር አንድ ሰዓት ያህል ሄዱ። እቴቴ ባቄላ እየፈለፈለች ደጅ ተቀምጣ አገኟት። ወንድሟን ስታይ ተነስታ ፊቱን በሁለት እጇ ይዛ ሳመችው፤ ከዚያ ለቀቀችው።

“ሁለት ፋሲካ” አለች።

“አፍሬ ነው እቴቴ።”

ሁሉን ነገራት። ስንት እንደተበደረ፣ ስንት እንደከፈለ፣ ስንት እንደቀረው። ሳያነብ መፈረሙንም አልሸሸጋትም። እሷ ባቄላውን እየፈለፈለች ታዳምጣለች፤ አንዴ ብቻ ቀና ብላ፣ “ሁለት መቶ ስልሳ ሺህ ከፍለህ አስራ አራት ሺህ?” አለችና አንገቷን ነቀነቀች።

“ሃያ ስምንት ሺሁን አሁን ልንሰጥሽ እንችላለን” አላት። “የኔአለም ብሩን ይዛለች። ለባንኩ ብንከፍለው ግን አምስት ዓመት ይቆርጥልናል። የምትይውን ለመስማት ነው የመጣነው።”

“ሃያ ስምንት ሺህ” አለች እቴቴ። “በሃያ ስምንት ሺህ ዛሬ አቀስታ ገበያ ምን ይገዛል? ለበሬ ዘጠና ሺህ ይጠሩበታል። አንተ የወሰድከው ብር መስሎህ ነው። እኔ የሰጠሁህ በሬ ነው።”

አለኸኝ ይህንንም አላሰላውም ነበር። ወረቀቶቹን እጁ ላይ እንደያዘ መሬት መሬት አየ።

“ውሸት አልነግርህም፤ ተቀይሜ ነበር” አለች። “ጎረቤት ቀድሞ አርሶ እስኪጨርስ ዝናቡ እያለፈብን፣ አንተ ከተማ ቤት ገዝተህ ረሳኸን አልኩ። እንዲህ ታንቀህ መኖርህን ማን ነገረኝ? ብትመጣ ኖሮ ቢያንስ ቂሙ ይቀርልኝ ነበር።” ከዚያ ወደ የኔአለም ዞረች። “ስንት ዓመት ቀራችሁ፣ ይሄን ከከፈላችሁ?”

“ዘጠኝ ዓመት ከስምንት ወር ነው እቴቴ” አለች የኔአለም።

“እኔ ያኔ ሰባ እደፍናለሁ።” ባቄላውን ከጭኗ ላይ አራገፈች። “ለባንኩ ክፈሉት። እዚያ ያለው ይወልዳል፤ የእኔ አይወልድም። የበሬውን ግን ዓመት ሁለት ዓመት ሳትሉ ጀምሩ፤ ትንሽም ቢሆን። ባሌ እንዳይታዘበኝ።”

በመልሱ መንገድ ሚኒባሱ ውስጥ የኔአለም ትከሻውን ነካ አድርጋ፣ “ፊት ለፊት ያሉትን ሁለት ክፍሎች እናከራያቸው” አለችው። ቀድሞም ብላው ነበር፤ የመምህር ግቢ የሰው መተላለፊያ አይሆንም ብሎ እሱ ነበር የከለከላት። አሁን “እሺ” አለ።

ማመልከቻው ገባ፤ ብሩ ከዋናው ላይ ወረደ። ሁለቱን ክፍሎች የጤና ጣቢያ ነርሶች የሆኑ ባልና ሚስት ተከራዩዋቸው። ኪራዩ እንደተቀበሉት በየወሩ ለእቴቴ ይሄዳል። አለኸኝ አሁን ጠዋት ጠዋት በገዛ ግቢው ፎጣውን ትከሻው ላይ ጥሎ የቧንቧ ተራ ይጠብቃል። ነርሱ ትሑት ሰው ነው፤ ሲያየው ባልዲውን አንስቶ፣ “ይቅደሙ እንጂ፤ እርስዎ ባለቤቱ አይደሉም እንዴ!” ይለዋል። አለኸኝ ‘ባለቤቱስ ባንኩ ነው’ ሊል ይቃጣውና ይተወዋል። አንገቱን ሰብሮ ይቀድማል፤ ፊቱንም ቶሎ ታጥቦ ይገባል።