የልደታ ማግሥት እግድ

ጥሩብርሃን ውሸት አትችልበትም። አገሩ ይኼን ምስጋና ይለዋል፤ እሷን ግን ጉድ የሠራት ይኸው ነው።

ከሉማሜ ወጣ ብሎ ያለው መሬቷ ላይ አፕል እናለማለን ብሎ ደመላሽ ያስፈረማት አምና ነበር። ደመላሽ ባዕድ አይደለም። የዚያው ደብር ልጅ ነው፤ እናቱ ከጥሩብርሃን ጋር የማርያም ጽዋ ይጠጣሉ። ታዲያ ይኼ ባለ ችግኝ ሰው የመሬቷ አለት ለጠጠር እንደሚሆን ሲሰማ ችግኙን ረሳና ቆፋሪ ማሽን አምጥቶ አቆመባት። ከአለቱ ሥር ምንጩ አለ። የጎጡ ሰውም ከብትም በጋውን የሚያልፈው በእሱ ነው፤ አለቱ ከተነቀለ ውኃው ወደ ውስጥ ሰርጎ እንደሚቀር ሁሉም ያውቃል። ውሉን የፈረመችው ደግሞ እሷ ናት። በምን ዓይኗ ጎረቤት ትይ?

ጠበቃዋ እስከዳር፣ "ዋናው ክርክር ዓመትም ይፈጃል፤ እስከዚያ ማሽኑ አለቱን እንዳይነካ እግድ እንጠይቃለን" አለቻት። "እግድ ማለት ሳይቃጠል በቅጠል ነው፣ እማማ። ሲጠየቁ ታዲያ ዛሬ ነገ ሳይል ይቆፍረዋል ይበሉ።"

ችሎት ገቡ። ደመላሽም ነጠላውን አጣፍቶ ቆሟል። ዳኛው ጥሩብርሃንን አስማሉና ጠየቋት።

"ነገ ይቆፈራል ብለው ይሰጋሉ?"

እስከዳር ክንዷን ነካ አደረገቻት። ምን ያደርጋል፣ ነገ ግንቦት ልደታ ነው።

"ነገማ አይሆንም፣ ጌታዬ" አለች ጥሩብርሃን። "ልደታ ናት። በልደታ መሬት የሚቆፍር የለም።"

"ልክ ናቸው" አለ ደመላሽ አንገቱን ደፋ አድርጎ። "እኛስ የማርያም ልጆች አይደለን?"

ዳኛውም እንግዲያው አያስቸኩልም ብለው፣ ደመላሽ መልሱን ይዞ እንዲቀርብ ለልደታ ማግሥት ቀጠሩ። ምን ይፍረዱ? ከሳሿ ራሷ አይቆፈርም ብላለች። እስከዳር ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ ራሷን ያዘች። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው፤ ማን ይመልሰዋል።

በልደታ ቀን የጎጡ ሴቶች እንደ ልማዳቸው ንፍሮ ይዘው ወደ ምንጩ ሲወርዱ የማሽኑ ጩኸት ተቀበላቸው። ጥሩብርሃን መንገድ ላይ የሚያልፍ መኪና መስሏት ነበር። ስትደርስ የታችኛው አለት ተገልብጧል። ውኃው ጥቂት ጭቃ ተፋና ወደ ጉድጓዱ ሰርጎ ቀረ። የማሽኑን ሹፌር እግሩ ላይ ወድቃ ለመነችው፤ "ታዝዤ ነው እናቴ፣ ላይኛውንም ነገ እነቅለዋለሁ" አላት። ደመላሽ ጋ ብትደውል አያነሣም። ሴቶቹ አንዲት ክፉ ቃል አልተናገሯትም። ቢሰድቧት ይሻላት ነበር።

ከሰዓት በኋላ ወንድሟ ባዘዘው መጥቶ ጉድጓዱን ዞሮ ዞሮ አየው።

"ላይኛውን አለት ካልነኩት፣ ክረምቱ ሲገባ ውኃው መንገዱን ያገኝ ይሆናል" አለ። "እሱንም ካነሡት አለቀ፣ እቴ።"

ይሆናል ነው ያለው። እሷ ግን ያችኑ ይሆናል አቅፋ አደረች፤ ሌላ ምን አላት?

በማግሥቱ ችሎት ላይ ደመላሽ ቀድሞ ተናገረ።

"ክቡር ፍርድ ቤት፣ እግድ የሚጠየቀው ምንጩን ለመጠበቅ ነው። ምንጩ ደርቋል። ከእንግዲህ የሚጠበቅ ነገር የለም።"

እግዚኦ፣ የሰው ድፍረት! ማድረቁን ራሱ አድርቆ መከራከሪያ ያደርገዋል።

ዳኛው ወደ ጥሩብርሃን ዞሩ። "ዛሬም በመሐላ ላይ ነዎት። ውኃው አለ ወይስ የለም?"

እስከዳር በዚህ ጊዜ ክንዷን አልነካቻትም፤ ዓይኗን መሬት ላይ ተክላለች። ጥሩብርሃን የለም ብትል ማሽኑ ዛሬውኑ ላይኛውን አለት ይነቅለዋል። አለ ብትል ደግሞ ስሙን ጠርታ የማለችበት አምላክ ይሰማታል።

"አለ፣ ጌታዬ" አለች። "ቀጠነ እንጂ ይፈሳል።"

"ውሸት ነው!" አለ ደመላሽ።

ዳኛው እጃቸውን አንሥተው ዝም አሰኙት። "እኒህ ሴት ባለፈው ራሳቸውን የሚጎዳውን እንኳ ሳይደብቁ ተናግረዋል። ፍርድ ቤቱ ያምናቸዋል" አሉና እግዱን ሰጡ።

ማሽኑ በዚያው ቀን ቆመ። ጎጡ መረቃት፤ ባዘዘው አቅፎ ሳማት። ምንጩ ግን አንዲት ጠብታ አላወጣም።

እሁድ ቅዳሴ ሲገባ ጥሩብርሃን ከቅጽሩ ውጭ ቆማ ቀረች። ምግባሯን የሚያውቁ የጽዋ ጓደኞቿ ግራ ገብቷቸው አዩዋት። የደመላሽ እናት ተመልሳ መጥታ እጇን ያዘቻት።

"ምነው፣ አትገቢም እንዴ?"

"ግቢ አንቺ" አለች ጥሩብርሃን። "እኔ እዚሁ ይበቃኛል።"