አክስት የሌለው ሟች

በ1930 ዓ.ም. ግንቦት ላይ፣ ኮልፌ ባለው የጣሊያን ሹም ቢሮ በር ላይ አዲስ ወረቀት ተለጠፈ። እስከዚያን ቀን ድረስ በዚያ በር ላይ የሚለጠፈው የሚፈለጉ ሰዎች ስም፣ የተከለከሉ ነገሮች ዝርዝርና የቅጣቱ ልክ ስለ ነበር፣ ፊደል የቆጠረው ሁሉ ልቡ እየመታ ቀረበ። ወረቀቱ ግን የሚፈልገው ሰው አልነበረም። «ለአገሬው ሕዝብ እንዲነበቡና እንዲታዩ የሚመከሩ ድርሰቶች» ይላል። ከሥሩ ስለ ፍቅር አንድ ልብ ወለድ፣ ስለ ማንነት አንድ ልብ ወለድ፣ ስለ ማኅበራዊ ኑሮ አንድ ቲያትር ተዘርዝሯል።

መንግሥት አስቦ አስቦ ኮልፌ የጎደላትን ነገር አገኘላት ማለት ነው። ለካ የጎደሏት ዓምና በየካቲት ከየቤቱ የተለቀሙት ልጆች አልነበሩም፤ ድርሰት ኖሯል።

የፍቅሩ ልብ ወለድ ጌታውን ከመውደዱ ብዛት ደመወዙን ስለ ረሳ አሽከር ይተርካል። የማንነቱ ደግሞ ማን መሆኑን ሊፈልግ ከቤቱ ወጥቶ፣ ሰባት ተራራ አቋርጦ፣ በመጨረሻ ሎሌ መሆኑን አውቆ ደስ ብሎት ስለ ተመለሰ ሰው ነው። ሁለቱንም የደረሳቸው ገብረማርያም የሚባለው የሹሙ አስተርጓሚ ነው። ቲያትሩንም የደረሰው እሱ ነው። ለሕዝብ የሚመከሩትን ድርሰቶች መርምሮ የመረጠውም እሱ ራሱ ነው፤ ሲመርጥ ብዙ እንዳልተቸገረ ከውጤቱ ያስታውቃል።

ወረቀቱን ለተናኘ ያነበበላት ጎረቤቷ ቦሩ ነበር። እስከ መጨረሻው ሰማችና ስለ ለቅሶ የሚል እንዳለበት ጠየቀችው። የለበትም። እንግዲያው የዓምናው እንደ ጸና ነው ብላ ወደ ቤቷ ተመለሰች።

የዓምናው እዚያው በር ላይ ተለጥፎ የነበረው ትእዛዝ ነው። በየካቲት ለተወሰዱት ማልቀስ፣ ከል መልበስ፣ ድንኳን መጣል ክልክል ነው፤ ለሽፍታ ያለቀሰ ራሱ ሽፍታ ነው ይላል። ተናኘ ደግሞ ሙሾ አውራጅ ናት። ማንም ቁጭ አድርጎ ያላስተማራት፣ ከልጅነቷ ጀምራ ከሰው ለቅሶ ዳር ቆማ ስትሰማ የለመደችው ሙያ ነው። እስከ ቀራንዮ ድረስ ሰው ሲሞት ከቄሱ ቀጥላ የምትጠራው እሷ ነበረች። የስንቱን ልጅ በሙሾ ሸኝታ የራሷን ልጅ ፈቀደን ግን አላለቀሰችውም።

ፈቀደ አናጢ ነበር፤ ግራ እጁን ነው የሚጠቀመው። በዚህ የተነሳ የሚገጥማቸው በሮች ሁሉ ማጠፊያቸው በተቃራኒው ወገን ይሆንና ሰው ከለመደው ተገልብጠው ወደ ግራ ይከፈታሉ። ሰፈሩ መጀመሪያ አጉረመረመ፣ ኋላ ለመደው፤ በመጨረሻ እንግዳ ሰው የሚለየው በር ሲታገል እያየ ሆነ። በየካቲት ፈቀደን ከነመጋዙ ወሰዱት፤ መጋዙ እንደ መሣሪያ ተቆጠረበት። ከሦስት ወር በኋላ አብሮት ታስሮ የነበረው ቦሩ ተፈቶ መጣና፣ ፈቀደ በሁለተኛው ሳምንት መሞቱን፣ ከሌሎች ጋር በአንድ ጉድጓድ መጣሉን በጆሮዋ ነገራት። ይህን ከሰማች ዓመት ሆናት።

ብዙ ሴት የራሷን ሐዘን በሰው ሬሳ ላይ ታስተነፍሳለች፤ ነውርም የለው። ተናኘ ግን ሙያው ያሰራት ሰው ናት። ሙሾ አውራጅ በሰው ሟች ላይ የራሷን ካለቀሰች ለቅሶ እንደ መስረቅ ነው ብላ ታምናለች። ስለዚህ ዓመቱን ሙሉ የሰውን እያለቀሰች፣ የራሷን በጉሮሮዋ ይዛ ኖረች።

ገብረማርያም ቤቷ የመጣው ወረቀቱ በተለጠፈ በሳምንቱ ነው። በሩን ወደ ቀኝ ገፋ፣ ሳበ፣ እንደገና ገፋ፤ በመጨረሻ እሷው ከፈተችለት። ከመሐል ከተማ የመጣ፣ ጫማው የሚያብረቀርቅ፣ ትሑት ለመምሰል የሚደክም ሰው ነው። ችግሩን አስረዳት። የቲያትሩ ጎበዝ አንዲት ልጅ ይወዳል፣ ልጅቷ እንቢ ትለዋለች፣ ይሞታል። ይህ ከማኅበራዊ ኑሮ ጋር ምን እንደሚያገናኘው አልተናገረም። ተዋናዮቹ የቢሮው ጸሐፊዎች ናቸው፤ ፍቅሩን እንደ ምንም ተወጥተውታል፣ ለቅሶው ላይ ሲደርሱ ግን ሳቃቸው ይመጣልና እሷ መጥታ ሙሾውን እንድታወርድለት ይፈልጋል። ሬሳ የሚሆነው ቦሩ ነው፤ ከእስር የተፈታ ሰው እንቢ እንደማይል ታውቆ ታዟል፤ ክሳቱም ለሬሳነት ተስማሚ ሆኖ ተገኝቷል።

«የውሸት ለቅሶ ነው፣ እትዬ ተናኘ፤ አይከብድዎትም» አላት።

ተናኘ ሁልጊዜ ለሐዘንተኛ የምታቀርበውን ጥያቄ አቀረበች። «የማን ልጅ ነው?»

«ማን?»

«ሟቹ ነዋ።»

ገብረማርያም ይህን አላሰበበትም ነበር። አባትየው ድርሰቱ ውስጥ እንደማይገባ ነገራት። አገሩን ብትጠይቀው አገሩን ሹሙ ካፒቴኑ ሰርዞታል፤ አገር መጥቀስ ነገር ያመጣል ተብሎ። ሥራውን ብትጠይቀው ሥራው ማፍቀር ነው አላት።

«አክስትስ የለውም?»

«እትዬ፣ አፍቃሪ ነው እኮ። ልብ አለው፤ እሱ ይበቃል።»

«አቶ ገብረማርያም፣ አክስት የሌለው ሰው አይሞትም» አለችው ተናኘ። «ቢሞትስ ምን ብዬ ልጥራው? ሃያ ዓመት ሳለቅስ ልብ ብቻ ሆኖ የተቀበረ ሰው አላየሁም።»

ሁለት ልብ ወለድና አንድ ቲያትር ሲደርስ ስለ ሥራው እውነቱን የነገረችው የመጀመሪያዋ ሰው እሷ ነበረችና ገብረማርያም ጥቂት ተከፋ። ወዲያው ግን ቲያትሩ የሚታይበት እሑድ መቃረቡን አስታወሰ። የጎደለውን እሷ እንዳሻት እንድትሞላው፣ ስሙን ብቻ እንዳትነካው ለመናት፤ ስሙ ጸድቋል።

ተናኘ ቀና አለች። «ለቅሶው የማንም አይደለም ማለት ነው? ባለቤት የለውም?»

«ምንም ባለቤት የለውም።»

«እንግዲያው እመጣለሁ» አለችው።

በማግስቱ ቦሩ መጣ። ሳትነግረው ገብቶታል። እናቱ በቁሙ መገነዝ ሟርት ነው እያለች ስታስጨንቀው ሰንብታለች፤ እሱም ከሬሳ መሐል ተኝቶ ለወጣ ሰው ምንጣፍ ላይ መተኛት ምንም እንደማይጨምርበት ነግሯታል። የሱ ጭንቀት ሌላ ነበር።

«እትዬ ተናኘ፣ አደራዎን የፈቀደን ስም እንዳይጠሩት» አላት። «ከጠሩት እርስዎን ያስሩዎታል። ደግሞ ተኝቼ የምሰማው እኔ ነኝ። ሬሳው ካለቀሰ ጉድ ይፈላል።»

እሑድ ከቀትር በኋላ ሰዉ በእህሉ መጋዘን ተሰበሰበ። ቲያትሩ የሚመከር እንጂ የሚታዘዝ እንዳልሆነ ለማስረዳት ሁለት ዘበኞች ከነጠመንጃቸው ቤት ለቤት ዞረው ነበርና አንድም የቀረ የለም። ካፒቴኑ ከፊት ለብቻው ወንበር ላይ ተቀመጠ፣ ገብረማርያም ከጎኑ ቆሞ ያስተረጉማል፣ ሕዝቡ መሬት ላይ ነው።

ፍቅሩ አንድ ሰዓት ያህል ፈጀ። ጎበዙ ደረቱን ይዞ ይንገዳገዳል፤ ልጅቷ፣ ጺሙን የተላጨ ጸሐፊ ናት፣ ፊቷን ታዞራለች። ሰዉ በዝምታ ይታዘባል። ወንድሟ በየካቲት ተወስዶ የቀረባት ሸዋገነት ብቻ ትዕግሥቷ አለቀና ከኋላ ሆና፣ «ሽማግሌ ላክባት እንጂ፣ ምን ያንገዳግድሃል?» አለችው። በዚያ ቲያትር ውስጥ ስለ ማኅበራዊ ኑሮ የተባለው ነገር ይህ ብቻ ነው።

በመጨረሻ ጎበዙ ጓዳ ገብቶ ሞተ፤ በሱ ፈንታ ቦሩን ገንዘው አምጥተው አስተኙት። ተናኘ ነጠላዋን ዘቅዝቃ ገባች። መጀመሪያ በጸደቀው ስም፣ በጸደቀው ግጥም ጀመረች፤ ድምፅዋ ቀዝቃዛ ነበር። ካፒቴኑ አዛጋ። ከዚያ በሬሳው ራስጌ ተንበረከከች፤ ፊቱን አላየችም፤ የመጋዘኑን ወለል እያየች ዝቅ ባለ ድምፅ አወረደችው።

የሠራኸው በሩ ዛሬም ወደ ግራ፣
ይከፈታል እንጂ ማን ገባ ከሥራ?

እዚያ ከተቀመጠው ሰው ግማሹ ጧት ከቤቱ የወጣው ወደ ግራ በሚከፈት በር ነው። መጀመሪያ አንድ ሽማግሌ ባርኔጣቸውን አወለቁ። ከዚያ ሸዋገነት ተነሳች፣ ደረቷን መታች፤ ሌሎቹ ሴቶች ተከተሏት። ዓመት ሙሉ ታፍኖ የኖረ ለቅሶ ሲፈታ ምን እንደሚመስል ለማያውቅ ሰው፣ ቲያትሩ እጅግ የተዋጣለት ይመስላል።

ካፒቴኑ ነቃ። ምን እያለች እንደሆነ ጠየቀ።

ገብረማርያም ደነገጠ። የበሩን ነገር አያውቅም፤ ግን እንዲህ ያለ ለቅሶ የሱ ጎበዝ እንደማይገባው ለማወቅ ብልህ መሆን አላስፈለገውም። እውነቱን ልናገር ቢል፣ ከድርሰቱ ራስጌ የተጻፈው የገዛ ስሙ ነው። በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈሪነትና ደግነት አንድ ምክር መከሩት።

«ስለ ፍቅር ነው፣ ጌታዬ» አለ። «የሚወዳት ልጅ በር ላይ ቆሞ ይውል ነበር ትላለች።»

ካፒቴኑ ራሱን ነቀነቀ፤ በር ላይ መቆም የሚያውቀው ነገር ሳይሆን አይቀርም፣ ዓይኑ ረጠበ። ተናኘ ግን አልጨረሰችም።

ሬሳህን ሳላጥብ፣ አፈር ሳላለብስህ፣
በሰው ጨዋታ ላይ ዛሬ አለቀስኩልህ።

ስሙን አልጠራችም። ከግንዙ ሥር የቦሩ ትከሻ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ካፒቴኑ ሬሳው መንቀሳቀሱን በጣቱ አሳየ፤ ገብረማርያም ነፋስ ነው አለ። መጋዘኑ መስኮት አልነበረውም።

ፀሐይ ሳትጠልቅ ሰዉ ወደ ተናኘ ቤት ይመጣ ጀመር። እንደ እዝን እንጀራና ንፍሮ ይዘዋል፤ ሲጠየቁ ለደከመች ተዋናይ ነው ይላሉ። በሩን ያለ ትግል ወደ ግራ ከፍተው ይገባሉ፣ ይቀመጣሉ፣ ዝም ይላሉ። እግዚአብሔር ያጽናሽ ማለት ክልክል ስለሆነ ሲነሱ «ቲያትሩ ጥሩ ነበር» ይሏታል። እሷም ተነስታ እጅ ትነሳለች። ሃያ ዓመት ሰው ሲጽናና ያየችው ሁሉ በዚያች ቃል ደረሳት።

ሸዋገነት ግን ቶሎ አልተነሳችም። ወደ ተናኘ ጠጋ ብላ አንድ ነገር አንሾካሾከችላት፤ ተናኘም እጇን ያዘቻት።

ከሁሉ ኋላ በሩ ተንጓጓ። አንድ ሰው ወደ ቀኝ ይገፋል፣ ይስባል።

«በግራ ነው» አለ ቦሩ ከውስጥ።

በሩ በግራ ተከፈተና ገብረማርያም እጁ ማጠፊያው ላይ እንዳለ ቆመ። ማጠፊያውን አየ፣ ነጠላዋን እንደ ዘቀዘቀች የተቀመጠችውን ተናኘን አየ። ከዚያ ገብቶ መሬት ላይ ተቀመጠ፤ ጫማው አቧራ ነክቶት ነበር። ካፒቴኑ በጣም መደሰቱን፣ ቲያትሩ ከሚመከሩት ድርሰቶች አንደኛ መባሉን፣ በየእሑዱ እንዲታይ መታዘዙን አንገቱን ደፍቶ ነገራት። መንግሥት በየካቲት ለተወሰዱት በሳምንት አንድ ቀን እንዲለቀስ አዟል ማለት ነው፤ በራሱ ወንበር ተቀምጦ ሊሰማ።

«የሚመጣው እሑድ» አለ ገብረማርያም ቀስ ብሎ፣ «ያው የበሩ ነገር ይደገም?»

«የእኔስ አለቀ፣ ልጄ» አለችው ተናኘ። «የሚመጣው እሑድ የሸዋገነት ነው። ወንድሟ ኮልታፋ ነበር፤ ንብ ያረባ ነበር።»

ገብረማርያም ጎበዙ በአንድ ሳምንት ውስጥ እንዴት አናጢነቱን ትቶ ንብ አርቢ እንደሚሆን ለካፒቴኑ ምን ብሎ እንደሚያስረዳ አሰበ። ድርሰቱ እየተሻሻለ ነው ይላል። ከዚያ በኋላስ የማን እንደሆነ ጠየቀ። ቦሩ በጣቱ ይቆጥር ጀመር፤ አንዱን እጁን ጨረሰ፣ ሁለተኛውን ጨረሰ፣ ተመልሶ ወደ መጀመሪያው እጁ ሄደ።

ገብረማርያም ከኪሱ እርሳስ አወጣ። ወደ ሸዋገነት ዞሮ፣ ጉሮሮውን ጠርጎ፣ «አክስቱ ማን ይባላሉ?» አላት።