ስም ያልወጣላቸው

ቤተሰቡ «ሸረሪቷ» ይላታል። ሥራዋ ሸረሪት መለየት ነው። መጀመሪያ ስሙ ሲወጣላት ታኮርፍ ነበር፤ የወንድሟ ልጆች «አክስቴ ሸረሪቷ» ማለት ሲጀምሩ ግን ሳቋ እያመለጣት ተወችው።

ታላቅ ወንድሟ ገበሬ ነው። በሁለት የስንዴ ማሳዎቹ መሃል ታርሶ የማያውቅ ጠባብ ቁጥቋጦ ነበረ። እዚያ ውስጥ ነው መሬት ሰርስረው የሚኖሩትን፣ የጉድጓዳቸውን አፍ ከአፈርና ከድር በተሠራ ክዳን የሚዘጉትን ሸረሪቶች ያገኘቻቸው። በአካባቢው የቀሩትን ቁጥቋጦዎች ሁሉ ብታስስ ሌላ ቦታ የሉም። አዲስ ዝርያ መሆናቸውን ልቧ ነግሯታል፤ ግን ማን ልብን ያምናል? ለማረጋገጥ የጎለመሰ ወንድ ያስፈልጋታል። ወንዱ ደግሞ ከጉድጓዱ የሚወጣው ዝናብ ሲጥል፣ ሴት ፍለጋ ብቻ ነው። ዝናቡ ዘገየ። ቦታውን አስከልሉልኝ ብላ የአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት ብትሄድ፣ ኃላፊው ሻይ ጋብዞ፣ «እህቴ፣ ስም የሌለውን ነገር ምን ብዬ ልከልለው?» አላት።

ዝናቡ ጣለ፤ ወንድሟም ደወለ። «እንዳትቆጪኝ። ልጁ ጎጆ ሊወጣ ነው፣ መሬቱ ጠበበን። ቁጥቋጦውን ዛሬ እያረስኩት ነው። ያንቺዎቹን ግን አልነካም፤ እናታችንን!»

ስትደርስ አፈሩ ከዳር እስከ ዳር ተገልብጧል። እሷ ቀይ ላስቲክ ያሰረችባቸው እንጨቶች ዙሪያ ብቻ የአልጋ ስፋት የማይሞላ ሣር እዚህም እዚያም ቀርቷል። ወንድሟ እያንዳንዱን በድንጋይ ከቦታል።

«አየሽ? የትራክተሩ ሹፌር ሊያብድ ነበር እኮ! ለሸረሪት አጥር ስሠራ ውዬ!» ጣቶቹ ተላልጠዋል።

ምልክት ያደረገችው የለካቻቸውን ጥቂቶች ብቻ ነው። የሌሎቹ ክዳን ከመሬቱ አይለይም፤ እሷም ብትሆን ተንበርክካ ነው የምታገኘው። የተረፉት ሴቶችም ወንድ ካልደረሰላቸው እዚያው ያረጃሉ። ይህን ልትነግረው አፏን ከፈተች።

«ምነው? የጎደለ ነገር አለ?»

«ኧረ የለም፣ ወንድምጋሼ። እግዜር ይስጥልኝ።»

ፊቷን እንዳያይባት ዞር ብላ በትልሙ ዳር ዳር ሄደች። እዚያ ነው ያየችው፤ ጥቁር፣ ባለ ረጅም እግር ወንድ፣ ጓል እየወጣ፣ እየወደቀ፣ መልሶ እየወጣ። በብልቃጥ ያዘችው። ቅርብ ያለው የድንጋይ ክብ ውስጥ ሴት አለች፤ ወስዳ ደጇ ላይ ብትለቀው ምናልባት ዘር ይተርፋል። ይዛው ብትሄድ ዝርያው ስም ያገኛል። ሌላ ወንድ ይምጣ አይምጣ የሚያውቅ የለም። ብልቃጡን ይዛ ቆመች።

«አገኘሽው እንዴ?» ወንድሟ ከሩቅ ጮኸ፤ ደስታው ከድምፁ ያስታውቃል። «አላልኩሽም!»

ከቦርሳዋ ናሙና የምታቆይበትን አልኮል አወጣች። ጠብታው ሲነካው ወንዱ የፊት እግሮቹን አነሳ፤ ከዚያ አንድ በአንድ አጠፋቸው። እሷ ማልቀስ የጀመረችው የብልቃጡን ክዳን ከገጠመች በኋላ ነው፤ ወንድሟም የደስታ መስሎት ትከሻዋን አቀፋት።