የባንኩ ሳሎን

ዓርብ ጠዋት ውሃ ልክ ለሠርግና ለለቅሶ ብቻ የሚያወጣውን ኮት ለብሶ ባንክ ሄደ። እናቱ ያወጣችለት ስም ሌላ ነው። ሴራሚክ ሲያነጥፍ ግን ውሃ ልኩን ሳያስቀምጥ አንዲት ሴራሚክ ስለማያሳርፍ የሥራ ጓደኞቹ ይህን ስም ለጠፉበት፣ እሱም ወደደው። መታጠቢያ ቤት ሠርቶ ሲጨርስ ውሃ ጠብ አድርጎ ወዴት እንደምትሄድ ሳያይ ወደ ቤቱ የማይገባ ሰው ነው። ታዲያ እንዲህ ያለው ጥንቁቅ የገዛ ዕዳውን አስር ዓመት ሙሉ አንድ ቀን እንኳ ለክቶት አያውቅም።

ቤቱን ሲገዙ ብድሩ የሃያ ዓመት ነበር። የሱ ገቢ ብቻውን የወሩን ክፍያ ስለማይችለው ሚስቱ አንድ ትልቅ ሆቴል ልብስ እጥበት ክፍል ተቀጠረች። ሥራውን ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ነፍሷ አልወደደችውም። በረኪናው እጇን ይበላታል፣ እንፋሎቱ ደረቷ ላይ ይቀመጣል፣ ከቤት የምትወጣውም ወፍ ሳይንጫጫ ነው። ውሃ ልክ ያኔ ቃል ገባላት። «አስር ዓመት ብቻ ቻይልኝ። በአስር ዓመት ግማሹን እንጨርሳለን፤ ግማሹ ሲያልቅ የወሩ ክፍያም በግማሽ ይወርዳል። ከዚያ እኔ ብቻዬን እችለዋለሁ፣ አንቺ ታርፊያለሽ» አላት።

ይህን ማንም አልነገረውም፤ ከገዛ ጭንቅላቱ ያወጣው ነው። ለሱ ዕዳ መክፈል ማለት ወለል ማንጠፍ ነው፤ ቀኑ ሲጋመስ ወለሉም ይጋመሳል። ሚስቱም አመነችው፣ ለምን አታምነው? እጇ ሲሰነጠቅ ቅባት እየቀባች «ስድስት ቀረ» ትላለች፤ «ሦስት ቀረ» ትላለች። አንድ ልጃቸው ተምራ፣ ሌላ ከተማ ሥራ ይዛ ሄደች፣ እናት ግን መቁጠሯን አላቆመችም። በዚህ ወር አስሩ ሞላ። የመልቀቂያ ማመልከቻዋን ቀደም ብላ አስገብታለች፤ ዛሬ የመጨረሻ ቀኗ ነው፤ ከሥራ በኋላ ጓደኞቿ ትንሽ መሸኛ አዘጋጅተውላታል። ውሃ ልክ ኮቱን የለበሰው ለዚህ ነው። ባንክ ሄዶ ክፍያውን ያስቀንስና የምሥራቹን ይዞ መሸኛው ላይ ከተፍ ሊል።

የብድር ክፍሏ ሠራተኛ ልጁን የምታክል ወጣት ናት። «አረፍ ይበሉ ጋሼ» አለችው።

«ግማሹን ጨርሻለሁ። ክፍያውን እንድትቀንሱልኝ ነው የመጣሁት» አላት አፉን ሞልቶ።

ኮምፒዩተሯን ነካ ነካ አደረገችና ግንባሯን ቋጠር አደረገች። «ግማሹን ሲሉ?»

«ከሃያ ዓመት አስሩን ከፈልኩ። ግማሽ አይደል?»

«የተጋመሰው ጊዜው ነው ጋሼ። ብድሩ ገና ነው። ከአምስት እጅ አራቱ እጅ እንዳለ አለ።»

«የሌላ ሰው ሂሳብ ከፍተሽ እንዳይሆን፤ ደግመሽ እዪው።»

ደግማ አየችው። ያው ነው። ከዚያ ቀስ ብላ፣ እንደ ጥሩ አስተማሪ፣ አስረዳችው። በየወሩ የሚያስገባው ገንዘብ መጀመሪያ የሚሄደው ለወለድ ነው። ወለዱ የሚታሰበው ባልተከፈለው ዕዳ ሁሉ ላይ ስለሆነ፣ ዕዳው ትልቅ በሆነበት በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ከክፍያው አብዛኛውን ይወስደዋል፤ ዋናውን የሚቀንሰው ከሱ የተረፈችው ጥቂት ናት። ወደ መጨረሻው ነገሩ ይገለበጣል።

«እስከዛሬ በጠቅላላው ስንት ከፈልኩ?»

«የተበደሩትን አንድ ተኩል ያህል።»

«ሃያው ሲያልቅስ?»

«ሦስት እጥፍ ሊሆን ምንም አይቀረው።»

«ሦስት ቤት ከፍዬ አንድ ቤት ልወስድ ነው በይኛ።»

ልጅቷ አዘነች መሰለኝ፤ ልታጽናናው ፈለገች። «አንድ ወር እንኳ አላጓደሉም ጋሼ፤ ምርጥ ደንበኛችን ነዎት» አለችው። እያመሰገኑ መግደል ማለት ይኸው ነው። «ከፈለጉ ደግሞ ጊዜውን እናራዝመውና ወርሃዊው ትንሽ ቀለል ይልልዎታል።»

«ጠቅላላውስ?» አላት፤ በአንድ ጠዋት ብልጥ ሆኗል።

«ጠቅላላውማ ይጨምራል።»

«በየወሩ ጨምሬ ብከፍልስ?»

«እሱ ነው ጥሩው። የሚጨምሩት በሙሉ ዋናውን ስለሚቀንስ ዓመታት ይቆርጥልዎታል። ከመጀመሪያው ትንሽ ትንሽ ቢጨምሩበት ኖሮ…»

«ማን ነገረኝ?»

«አልጠየቁንም ጋሼ።»

እውነት ለመናገር አልጠየቀም። ባንኩም የደበቀው ነገር የለም። ብድሩን በፈረመ ቀን ሰውየው ቁጭ አድርጎ ሲያስረዳው፣ ውሃ ልክ የቢሮውን ወለል እያየ «ይሄን ማን አባቱ ነው ያነጠፈው» እያለ በሆዱ ይስቅ ነበር።

ከባንኩ ወጣ። ወደ ግራ ሄደ፣ ተመለሰ፣ ወደ ቀኝ ሄደ። አንድ ሻይ ቤት ገብቶ ሻይ አዘዘና ሳይቀምሰው ከፍሎ ወጣ። ስልኩን አውጥቶ የሚስቱን ቁጥር አየው፣ መልሶ ኪሱ ከተተው። እሑድ እሑድም ልሥራ ይሆን? ጉልበቱ ግን ሠላሳ ዓመት ሲሚንቶ ላይ ተንበርክኮ አልቋል፤ አሁንም ደረጃ ሲወጣ እንደ አሮጌ በር ይንቋቋል። ዝም ልበልና በሚቀጥለው ወር ልንገራት ይሆን? በሚቀጥለው ወር ደሞዟ የለም፤ ክፍያውም ይጎድላል። የያዘው ሐሳብ ሁሉ ከእጁ ያመልጣል። በመጨረሻ አንድ ነገር ብልጭ አለለት፦ የደንብ ልብሷን የምታስረክበው ከሰዓት በኋላ ነው። ከዚያ በፊት ከደረሰ ማመልከቻዋን መሳብ ትችላለች።

አውቶቡስ ተሳፈረ። መንገዱ ተዘጋግቶ አውቶቡሱ ከነተሳፋሪው ተገተረ። ተቀመጠ፣ ተነሳ፣ ባጠገቡ ያለችው ሴትዮ «ወይ ቁጭ በል፣ ወይ ቦታውን ልቀቅ» እስክትለው ድረስ። ወርዶ በእግሩ ተያያዘው። በዚያ ኮት፣ በዚያ ጉልበት፣ ላቡ ጀርባውን እያራሰው የሆቴሉ የሠራተኞች በር ደረሰ።

«ወዴት ነው አባባ?» አለው ጥበቃው።

«ሚስቴ ጋ፣ ልብስ እጥበት።»

«የእታለም ባል ነዎት? ይግቡ፣ ይግቡ፤ ዛሬ እሷ ንግሥት ናት።»

እታለም የሚሏት እዚያ ያሉት ሁሉ ናቸው፤ ትልቁም ትንሹም እህቴ ይላታል። ውሃ ልክ ሲገባ ማሽኖቹ ቆመዋል። አንሶላ የሚታጠፍበት ረጅም ጠረጴዛ ላይ ኬክና ለስላሳ ተደርድሯል። ሚስቱ የደንብ ልብሷን አስረክባ አረንጓዴ ቀሚሷን ለብሳለች። ትስቃለች፤ ራሷን ወደ ኋላ ጥላ ነው የምትስቀው። እንዲህ ስትስቅ መቼ እንዳያት ሊያስታውስ ሞከረና አቃተው።

«መጣ! ቃሉን የጠበቀው ባል መጣ!» አለች አንዷ የሥራ ጓደኛዋ፤ ሁሉም አጨበጨቡ። ኃላፊዋ ደግሞ ነገሩን አባሰችው። «ወንድ ሁሉ ቃል ይገባል፤ ይሄኛው ግን ከፈለ። እስቲ አንድ ነገር ይበሉን» አለች።

ውሃ ልክ መግቢያ ቀዳዳ አጣ። ወንበር ሲሰጡት ቁጭ አለ፣ ወዲያው ደግሞ ብድግ አለ። «እጇን…» አለ። «እጇን አመስግኑልኝ።» ከዚያ በኮቱ እጅጌ ፊቱን ሸፈነ። በደስታ ያለቀሰ መስሏቸው ይበልጥ አጨበጨቡ። ሚስቱም ዓይኗን ጠረገች።

ሊለያዩ ሲሉ ኃላፊዋ ቀለደች። «በቦታሽ ሰው አልተካንም። ሐሳብሽን ከቀየርሽ እስከ ሰኞ ካውያሽ ይጠብቅሻል።» ሁሉም ሳቀ። እሱ ግን አልሳቀም። ውሃ የወሰደው ሰው አረፋ ይጨብጣል እንዲሉ፣ ያቺን «ሰኞ» የምትል ቃል ጭምቅ አድርጎ ያዛት።

በአውቶቡስ ሲመለሱ እሷ ታወራለች፣ ልጇ ጋ ሄዳ እንደምትሰነብት፣ ጥፍሯን እንደምታሳድግ፤ እሱ «እህ» ይላል። ቤት ገብተው ማድቤት ውስጥ ውሃ ስትቀዳለት፣ ብርጭቆውን ሳይቀበላት፣ ቆሞ፣ ሁሉንም ነገራት። ሲጨርስ ብርጭቆውን አስቀመጠች።

«ከዚህ ቤት የኛ ስንት ነው?» አለች በመጨረሻ።

ውሃ ልክ ከሥራ ቦርሳው ሜትርና ጠመኔ አወጣ። ከማድቤቱ የጓሮ በር ጀምሮ ወለሉን ለካ፤ ሁሉንም በእጁ ያነጠፈው ስለሆነ ከአምስት እጅ አንዱን ማስላት አልከበደውም። ማድቤቱን፣ አጠገቡ ያለችውን የዕቃ ክፍል፣ የጓሮዋን ትንሽ ሽንት ቤት አልፎ፣ ኮሪደሩ ላይ ትንሽ እንደገባ ተንበርክኮ መስመር አሰመረ።

«እስከዚህ የኛ ነው።»

«ሳሎኑስ?»

«የባንኩ።»

«መኝታ ቤቶቹስ?»

«የባንኩ።»

«ሶፋዬስ?»

«ሶፋው የኛ ነው።»

«የሰው ሳሎን ውስጥ ነዋ ያስቀመጥነው» አለች። አልሳቀችም።

ውሃ ልክ ከተንበረከከበት ሳይነሳ፣ ጠመኔውን በጣቶቹ እያሻሸ፣ ያቺን የጨበጣትን አረፋ አወጣት። «ኃላፊዋ ግን እስከ ሰኞ…»

«እስቲ ድገመው።»

አልደገመውም።

«እጄ ሲደማ ያንተን ቃል ነበር የምቀባው» አለች። ድምፏ ከፍ አላለም፤ ብትጮህበት ይሻለው ነበር። «አታለልከኝ አልልህም፣ አንተም ራስህን አታለህ ነው። ግን ተናድጃለሁ፣ በጣም ተናድጃለሁ። አንድ ቀን ባንክ ሄደህ መጠየቅ ምን ይከብዳል? እዚያ ቤት አልመለስም። ሰኞም፣ ከሰኞም በኋላ።»

«ክፍያውስ ምን ይሁን?»

አሁን ደግሞ እሷ ላይ ታች ማለት ጀመረች። የሳሎኑን በር ከፈተች፣ ዘጋች። የልጇን መኝታ ቤት ከፈተች፣ ቆማ አየችው፣ ዘጋች። ተመልሳ መስመሩ ጋ ስትደርስ ቆመች።

«ከዚህ ወዲያ ያለውን እናከራየዋለን።»

«እኛስ?»

«የኛ በሆነው ውስጥ እንኖራለን። የዕቃ ክፍሏ ፍራሽ ትችላለች።»

«ሰው ምን ይላል?»

«ሰው ወለድ አይከፍልልህም» አለችው። «የወሩ ክፍያ ያው የድሮው ነው፤ ኪራይ ግን ጣራ ነክቷል። ላውንድሪ ውስጥ ቀኑን ሙሉ ወሬው እሱ ነው። ኪራዩ የኔን ደሞዝ ሸፍኖ ይተርፋል፤ ትርፉን ጨምረህ ክፈል። ያቺ ልጅ ዓመት ይቆርጣል ብላህ የለ? አስር ዓመት የሰው አንሶላ አጠብኩ። አሁን ሰው በኔ ክፍል ይተኛ፤ አንሶላውን ግን ራሱ ይጠብ።»

ውሃ ልክ አፈረ፣ ተከፋም። የሳሎኑ ወለል በሕይወቱ ከሠራቸው ሁሉ አንደኛው ነው፤ ለራሱ ብሎ ከበሩ እስከ መስኮቱ አንዲት ሴራሚክ ሳይሰብር የገጠመው። እዚያ ቁጭ ብሎ ሊያረጅ ነበር ያሰበው። ይህንንም ሊነግራት አፉን ከፈተና እጇን ሲያይ ተወው።

ቅዳሜ ሶፋውን ሸጡ። እሑድ ያቺው «ቃሉን የጠበቀው» ያለችው የሥራ ጓደኛዋ ባሏንና ሦስት ልጆቿን ይዛ መጣች፤ ቤት ፍለጋ ስትንከራተት ከርማ ነበር። ለምን እንደሚያከራዩ አልጠየቀችም፤ የዕቃ ክፍሏ ውስጥ ፍራሹን ስታይ ገብቷት አቀርቅራለች። ባሏ ግን የሳሎኑን ወለል በእግሩ እየዳበሰ «ኧረ ይሄ እንዴት ያለ ሥራ ነው! ማን ነው ያነጠፈው?» አለ።

«አንድ የማውቀው ሰው ነው» አለ ውሃ ልክ።

ሰዎቹ በዚያው ማታ ዕቃቸውን አስገቡ፤ ያን ሌሊት ውሃ ልክ እንቅልፍ በዓይኑ አልዞረም። ፍራሹ ጠባብ ነው፤ ቢገላበጥ እሷን ይቀሰቅሳል፣ ባይገላበጥ ጉልበቱ ይቆረጥመዋል። ሰኞ ገና ሳይነጋ፣ እንደ ልማዷ፣ ሚስቱ ተነስታ ተቀመጠች። በጨለማ እግሯ ነጠላ ጫማዋን ሲፈልግ ሰማ።  መናገር ያሳፍራል፣ ግን እውነት ነው፤ ከልቡ ግማሹ ትሂድልኝ አለ። ጫማዋን አገኘች። ልትቆም ብድግ አለችና መልሳ ተቀመጠች።

«ዛሬ ምንድነው ቀኑ?» አለችው።

«ሰኞ» አላት።

«ሰኞ» አለች እሷም። ጫማዋን አወለቀች፣ ጋደም አለች፣ ብርድ ልብሱን እስከ አንገቷ ሳበች።

ውሃ ልክ ተነሳ። ሻይ አፈላ፤ ቆሞ ጠጣው። መሣሪያዎቹን በቦርሳው ከተተ፣ አወጣ፣ መልሶ ከተተ። በዚያኛው በኩል የተከራዮቹ ልጆች ሳሎኑ ላይ ሲሯሯጡ ይሰማል። ፀሐይ ወጥታ በጓሮው መስኮት ገባች። ቦርሳውን ትከሻው ላይ አድርጎ ሊወጣ ሲል ዞር ብሎ አያት። አፏን ትንሽ ከፍታ፣ የተሰነጠቁ መዳፎቿን ብርድ ልብሱ ላይ ዘርግታ፣ ጭልጥ ያለ እንቅልፍ ወስዷታል። በነዚያ ሁሉ ዓመታት ሚስቱን በቀን ብርሃን ተኝታ አይቷት አያውቅም። እዚያው በሩ ላይ ቆሞ አለቀሰ። ከዚያ እንዳትነቃ ጫማውን በእጁ ይዞ ወጣ።